ዐይን አውጣዋ እድፍ

በእኛ መንገድ ላይ ነጭ ሸሚዝ ለብሶ ማለፍ ድፍረት ይጠይቃል። ጎረቤቴ ላውንደሪዋ በር ላይ ቆማ ከሆነ መጀመሪያ የምታየው ፊትህን አይደለም፣ አንገትጌህን ነው። ቀጥሎ እጅጌህን። ፊትህ ጋ የምትደርሰው እድፍ ካጣች ብቻ ነው። አንድ ጊዜ የማታውቀውን ሰው፣ ለዚያውም ሙሽራ፣ ከመኪና ሲወርድ ይዛ «ቆይ አንዴ ወንድሜ፣ ይቺን ነገር ላንሣልህ» ብላ ከኮቱ ላይ ክሬም ስትጠርግለት ሚዜዎቹ ዘመድ መሰለቻቸውና አብራ ፎቶ እንድትነሣ ጎትተው አስገቧት። ፎቶውን ያነሣሁት እኔ ነኝ፤ ፎቶ ቤቴ ከላውንደሪዋ ጎን ነው። ሙሽራው ካሜራውን ያያል፣ እሷ ኮቱን ታያለች።

እኛ ወዳጆቿ በረኪና እንላታለን፣ ፊት ለፊቷ ጭምር። ላውንደሪውን የወረሰችው ከእናቷ ነው። አብራ የወረሰችው ነገር ቢኖር አንድ ሕግ ነው፦ «የሰው ነገር የሰው ነው፣ ጉድፍም ቢሆን።» እዚያ ቤት ከደንበኛ ኪስ የወጣ ነገር አይጣልም። የተበጠሰ ቁልፍ፣ ያለቀ ባትሪ፣ የሲኒማ ቲኬት ቁራጭ፣ ሁሉም በትንሽዬ ላስቲክ ይገባና ከታጠበው ልብስ ጋር በመርፌ ቁልፍ ተይዞ ለባለቤቱ ይመለሳል። ለእኔ አንድ ጊዜ ስቴኪኒ፣ ያውም ያገለገለ፣ በክብር ታሽጎ ደርሶኛል። «ምን ላድርግበት?» ብላት «እኔ ምን አውቄ፣ ያንተ ነው» አለችኝ።

ከልብሶቼ ሁሉ የምትጠላው ጥቁሩን የሱፍ ካፖርቴን ነው። «ይሄ እኮ ካፖርት አይደለም፣ ፀጉሯ የሚረግፍ ድመት ናት» ትለዋለች። ፎቶ ቤቴ ስለሚበርድ እኔ ደግሞ አላወልቀውም። በዚህ ነገር ስንነታረክ ዓመታት አልፈዋል።

እኔንና እሷን ከጉርብትና አልፎ ያወዳጀን ግን ቀንድ አውጣ ነው። ልጆች ሳለን ቴሌቪዥን ላይ በሁለት ፕሮግራሞች መካከል ክፍተት ሲፈጠር የሚያስገቡት አጭር የካርቱን ፊልም ነበር፣ «ፖስተኛው» የሚባል። አንድ ቀንድ አውጣ ፖስታ ቤት ይቀጠርና ሊፍቱ በማይሠራ ፎቅ ቤት ውስጥ ደብዳቤ ያድላል። በቃ፣ ታሪኩ ይኸው ነው። በየክፍሉ አንድ ደብዳቤ ይዞ ደረጃውን ይያያዘዋል። የልደት ጥሪ ይዞ ሲደርስ ልጁ ጢም አብቅሏል። «ተቀጥረዋልና ነገ ሥራ ይግቡ» የሚል ይዞ ሲደርስ ሰውየው ጡረታ ወጥቷል። ይኼ እንኳ ባልከፋ። ተቀባዩ በሩን ሲከፍት ደብዳቤው ውስጥ ያለውን አስቀድሞ ያውቀዋል! «አውቃለሁ፣ አውቃለሁ፣ ይልቅ ግባና ውሃ ጠጣ» ይለዋል። ቀንድ አውጣው በንዴት ቀንዱን ይሰበስባል፣ ክፍሉ ያልቃል። ማን ነገራቸው? ፊልሙ አይናገርም።

ሰዓት አልነበረውም። መቼ እንደሚመጣ የሚያውቅ የለም። ስለዚህ የፊልሙ ወዳጆች ያለ ምክንያት ቴሌቪዥን ፊት የተቀመጥን ልጆች ብቻ ነን። እኔ በሽተኛ ልጅ ስለነበርኩ አየሁት። እሷ ከትምህርት ቤት ስትመለስ እናቷ ሥራ እስክትጨርስ በተቆለለ ፎጣ ላይ ተቀምጣ፣ መደርደሪያው ላይ ያለችውን ትንሽ ቴሌቪዥን እያየች ስለምትጠብቅ አየችው። ሦስተኛችን፣ ማዶ ያለው ፋርማሲ ባለቤት፣ ተቀጥቶ ከቤት እንዳይወጣ ስለተደረገ ነው ያየው። ምን አጥፍቶ እንደተቀጣ እስከ ዛሬ አልነገረንም።

ይህን ፋርማሲስት መጋዘን እንለዋለን። የማያከማቸው ነገር የለም። «ፖስተኛው»ን ከቴሌቪዥን በካሴት የቀዱ ሰዎችን በኢንተርኔት አፈላልጎ ቅጂውን ሁሉ ሰበሰበ። ነገር ግን ሁሉም የቅጂ ቅጂ፣ የቅጂው ልጅ፣ የልጁም ልጅ ነው። ቀንድ አውጣው ድንች ይመስላል፣ ደረጃው ዝናብ የሚዘንብበት ይመስላል። መጋዘን በዚያ ጭጋግ ውስጥ አፍጥጦ ሲያይ ኖሮ አንድ ትንታኔ ጻፈ፦ ተቀባዮቹ ደብዳቤውን ቀድመው የሚያውቁት ፎቅ ቤቱ ራሱ ሕይወት ስላለው ነው፤ ግድግዳው ያወራል፤ ይህም የዘመናችን ሰው ብቸኝነት ምሳሌ ነው። ረጅም ጽሑፍ ነው። ሩቅ አገር ያሉ ሰዎች አድንቀውለታል። እኛም ሌላ መልስ ስላልነበረን አደነቅንለት።

ፊልሙን የሠሩትን ሴትዮ ያገኛቸውም እሱ ነው። በሕይወት አሉ፣ ብቻቸውን ይኖራሉ፣ ዋናዎቹ የፊልም ጥቅልሎች ደግሞ በቆርቆሮ ሣጥን ተደርገው ቁም ሣጥናቸው ውስጥ ከጫማ በታች ተቀምጠዋል። ሦስታችን ልንወስድ ስንሄድ በረኪና ከመግባቷ በፊት የሁለታችንንም ኮሌታ አየች።

«ከወንድሜ ጋር ነው የሠራነው» አሉን። «የሚንቀሳቀሰውን እኔ እሥላለሁ፣ ግድግዳና ደረጃውን እሱ ይቀባል። የመጨረሻውን ክፍል ሳንጨርስ ሞተብኝ። ሐኪሙ ዐይንሽ ብዙ አይቆይም ብሎኛል። ሳይጠፋብኝ አንዴ የሱን እጅ ልየው። ሌላ ምንም አልፈልግም ልጆቼ።»

«ያዩታል እማማ» አለች በረኪና። «አብረቅርቆ ነው የሚያዩት!»

አብረቅርቆ አለች። እግዜር ይይላት።

ሣጥኑን ስንከፍት ፊልሙ ኮምጣጤ ኮምጣጤ ይሸታል። ያረጀ ፊልም ሲበላሽ እንዲህ ነው፤ አንዴ በስካነሬ ውስጥ ካለፈ በኋላ እየተሰባበረ እንደ ደረቅ ቅጠል ሆነ። ደግነቱ ምስሉ ሁሉ ኮምፒውተር ላይ ገብቶ ነበር። እና ምስል ማለት ይሄ ነው! ቀንድ አውጣው ድንች አልነበረም ለካ። ልብሱ ላይ ቁልፎች አሉት። ደረጃው ላይ የወንድምየው ብሩሽ ያለፈበት መስመር ይታያል። ያም ሆኖ ከላይ እስከ ታች ጉድፍ ነው፦ አቧራ፣ ጭረት፣ ፀጉር፣ ነጠብጣብ።

«ይሄንን ለኔ ተዉት» አለች በረኪና፣ እጅጌዋን እየሰበሰበች።

ከካውያው ጀርባ ኮምፒውተር ተከለች። ደንበኛ ሲቀንስ ትቀመጣለች። አሠራሯ እንደ ልብስ አጠባዋ ነው፦ አንድ ምስል ማለት አንድ ሸሚዝ። ከላይ ጀምራ ትፈትሻለች፣ ጉድፉን ሁሉ ታነሣለች፣ ወደሚቀጥለው። አያይዛ አታጫውተውም። «ልብስ እየታጠበ ይለበሳል እንዴ?» ትላለች። ባሏ፣ የታጠበ ልብስ ለደንበኛ የሚያደርሰው ሰውዬ፣ ሚስቱን በቀንድ አውጣ እንደተቀማ ለሰፈሩ ሁሉ ያወራ ነበር።

አንድ ቀን ተናዳ ፎቶ ቤቴ መጣች።

«አንድ ዐይን አውጣ እድፍ አለች። የሰሊጥ ፍሬ አታክልም። ከዚህ አነሣታለሁ፣ የሚቀጥለው ምስል ላይ ፈቀቅ ብላ ቁጭ! እሱንም አነሣለሁ፣ አሁንም ፈቀቅ! አልሞት ባይ ተጋዳይ!»

መጋዘን እዚያው ነበርና በሐኪም ድምፅ መለሰላት። «እሱ ከፊልሙ ጋር የሚጓዝ አቧራ ነው። የታወቀ ነገር ነው።»

«እንግዲያ እኔንም ታውቀኝ» አለችና ተመለሰች። ያቺን እድፍ ከመጀመሪያው ክፍል እስከ መጨረሻው አሳዳ አጠፋቻት። ሥራው ሲያልቅ መጋዘን የኮምፒውተሩ ዲስክ ስለሞላ «ከታጠበ በኋላ የቆሸሸውን የሚያስቀምጥ አለ?» ብሎ ያልጸዳውን ሰረዘው። ሦስታችንም ተስማምተን ነው። ከእሷ ኮምፒውተር ላይ ሌላ ትልቅ ፋይልም ሊሰርዝ ሲል ግን እጁን በጥፊ መታችው። «እሱ የኔ ነው፣ አትንካ።»

ማሳያው እሑድ ከሰዓት ላውንደሪው ውስጥ ሆነ። መጋረጃ ዘግተን፣ ለሆቴል የታጠበ ትልቅ አንሶላ ግድግዳው ላይ ወጠርን። ቤቱ የሳሙናና የእንፋሎት ሽታ አለው። ሴትዮዋ በምርኩዝ፣ ወፍራም መነጽራቸውን አድርገው መጡና አፍንጫቸው አንሶላውን ሊነካ እስኪደርስ ቀርበው ተቀመጡ። በረኪና አዲስ ቀሚስ ለብሳለች። ባሏ እንኳ ካልሲ አድርጓል።

ፊልሙ ጀመረ። እንዲያው ምን ልበላችሁ! ጥርት ያለ ነበር። እኔ በሕይወቴ እንደዚያ የጠራ ነገር አላየሁም። ቀንድ አውጣው ደረጃውን ሲወጣ ጀርባው ላይ ያለው ብርሃን ይንቀሳቀሳል። ተቀባዩ በሩን ከፍቶ «አውቃለሁ፣ አውቃለሁ» ሲል ሁላችንም አብረን አልን። ክፍሉ ሲያልቅ አጨበጨብን። ሴትዮዋ ግን አላጨበጨቡም፤ አንሶላውን በዐይናቸው ያስሱ ነበር። ሌላ ክፍል አየን፣ አሁንም ያስሳሉ። ከዚያ ዞር ብለው ቀስ ብለው ጠየቁ።

«ዝንቧስ?»

እኔ ጋዜጣ አነሣሁ። ባሏ ጫማውን አወለቀ። መጋዘን መብራት አብርቶ ጣሪያውን ማየት ጀመረ። «የታለች እማማ? ወዴት ሄደች?»

«የናንተን አይደለም!» አሉ ሴትዮዋ። «የወንድሜ ዝንብ! ፊልሙ ውስጥ ያለችው!»

ሴትዮዋም ለሕፃን እንደሚያስረዳ ሰው አስረዱን። ወንድማቸው ግድግዳ መቀባት ብቻ ሰልችቶት ነበር። እሳቸው ሻይ ሊያፈሉ ሲወጡ በብዕር ጫፍ በየሥዕሉ ላይ አንዲት ዝንብ ጠብ ያደርጋል፣ እህቱ እንዳታይበት በጣም ትንሽ አድርጎ። ዝንቧ ቀንድ አውጣው ጀርባ ላይ ትቀመጥና ደብዳቤውን ታነባለች፣ ከዚያ ደረጃውን ቀድማ ትበርና ለባለቤቱ ትነግራለች። እሳቸው ያወቁት ጥቂት ክፍሎች ከተሠሩ በኋላ ነው። ተጣሉ፣ ተኳረፉ፣ በመጨረሻ ግን ሳቁና ተዉት። ተቀባዮቹ «አውቃለሁ» ማለት የጀመሩትም ያኔ ነው። የቀደሙትንም ክፍሎች መጨረሻ ቀይረው እንደገና ሠሯቸው፣ በዝንቧ ምክንያት።

ሁላችንም ቀስ ብለን መጋዘንን አየነው። ያ ሁሉ ጽሑፍ፣ ያ ሁሉ የዘመናችን ሰው ብቸኝነት! እሱ ግን ካፈርኩ አይመልሰኝ ብሎ «ዝንቧም ብትሆን በአንድ በኩል የግድግዳው ምሳሌ ናት» አለ።

በረኪና ግን ክው ብላ ቀርታ ነበር። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጣት ደስታዋ ነው። ዋናው ፊልም ተሰባብሯል። ያልጸዳው ተሰርዟል። በካሴቶቹ ላይ ያለው ጭጋግ ነው፣ ዝንብ ቀርቶ ዝሆን አይለይም።

«እማማ» አለች፣ «እኔ ነኝ ያጠፋኋት። እድፍ መስላኝ። ፈቀቅ ስትል እያየሁ፣ ነፍስ እንዳላት እያየሁ አጠፋኋት።»

ሴትዮዋ አልተቆጡም፣ ቢቆጡ ይሻል ነበር። መነጽራቸውን አወለቁና ዐይናቸውን በእጃቸው ጀርባ አበሱ። «ምን ታደርጊ ልጄ። ከእኔም የተደበቀች ናት። በቃ፣ አትዘኚ» አሉና ምርኩዛቸውን ፈለጉ። በዚያች ሰዓት ከራሴ ካፖርት ውስጥ መግባት አማረኝ።

በረኪና ግን ድንገት ግንባሯን መታች።

«ይቀመጡ! ይቀመጡ እማማ! ጉድፉ አለኝ!»

«የምን ጉድፍ?» አልኳት።

«ያነሣሁት ጉድፍ ነዋ! የሰው ነገር ልጥል ኖሯል?»

መጋዘን እንዳይነካው የከለከለችው ያ ትልቅ ፋይል ይኸው ነበር። ከእያንዳንዱ ምስል ያነሣችውን ጉድፍ ሁሉ፣ አንድም ሳታስቀር፣ ለብቻው በነጭ ላይ፣ እያንዳንዱን በነበረበት ቦታ አስቀምጣዋለች። በልማድ ነው። ስቴኪኒዬን አሽጋ የላከችልኝ እጅ ናት። እኔ ደግሞ ያን ጊዜ ስቄባት ነበር።

ከፈተችው። ነጭ አንሶላ፣ ነጭ ብርሃን፣ ቀንድ አውጣ የለም፣ ደረጃ የለም። ጉድፍ ብቻ ይዘንባል። አቧራው ብልጭ ይልና ይጠፋል፣ ሌላ ቦታ ሌላው ብልጭ ይላል። መጀመሪያ ምንም አልታየንም። ከዚያ ባሏ «እቻት!» ብሎ ጮኸ። በዚያ ሁሉ ዝናብ መካከል አንዲት ነጥብ አልጠፋችም። ትሄዳለች። ትቆማለች። እግሮቿን የምታሻሽ ይመስል ትንቀጠቀጣለች። ተነሥታ ዞር ዞር ብላ በረረችና ወደ ላይ፣ ወደ ላይ ወጣች።

ሴትዮዋ ሳቁ። እንዴት ያለ ሳቅ ነው! ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ፣ ዕንባቸው መልሰው ባደረጉት መነጽር ላይ እስኪወርድ። «ግድግዳው እንኳ እኔ እንዳዘዝኩት የተቀባ ነው» አሉ። «ሳላዘው የሠራው ይቺን ብቻ ነው።» ከዚያ ወዲያ ቀንድ አውጣውን ማየት አልፈለጉም። ጉድፉን ብቻ እስከ ማታ አስደገሙን።

ዝንቧን ወደ ቦታዋ መመለስ ሌላ ሥራ ሆነ፣ ከአቧራው መለየት አለባትና። ሴትዮዋ ላውንደሪ መመላለስ ጀመሩ። ከካውያው ጀርባ ከበረኪና ጎን ይቀመጡና በእርሳስ ጫፍ ያሳያሉ። «ይሄ አቧራ። ይሄም አቧራ። ይቺ እሷ ናት። ይሄ ፀጉር ነው፣ የኔ ሳይሆን አይቀርም።» ደንበኞች ልብሳቸውን እንደያዙ ቆመው ይከራከራሉ። አንድ ወዛደር ቱታውን ሊያሳጥብ መጥቶ «እማማ፣ እቺኛዋስ ክንፍ ያላት ትመስላለች» ብሎ ከሰዓቱን እዚያው ዋለ።

የቀረው የመጨረሻው ክፍል ነው። ቀንድ አውጣው እላይኛው ፎቅ ይደርሳል። በሩን የሚከፍቱት አሮጊት ናቸው፣ እና ለመጀመሪያ ጊዜ «አውቃለሁ» የሚል የለም። አያውቁም። ቀንድ አውጣው ራሱ ፖስታውን ቀዶ ያነብላቸዋል፦ «ደህና ነኝ። አትቸኩዪ።» ፊልሙ እዚያ ላይ ያልቃል።

«ይሄኛው ላይ አትልፉ» አሉ ሴትዮዋ። «ብቻዬን ነው የሠራሁት። እሷን ልሣል ብዬ እጄ አልታዘዝ አለኝ።»

በረኪና ግን ሥራ በግማሽ አትተውም፣ ጉድፉን ከፈተችው። ብልጭ ብልጭ የሚል አቧራ ብቻ። ደብዳቤው የሚነበብበት ቦታ ሲደርስ ግን ከበሩ መቃን በላይ፣ ግድግዳው ላይ፣ አንዲት ጥቁር ነገር ቁጭ አለች። አልጠፋችም። አልተንቀሳቀሰችምም።

እኔ ገና ሳያት አወቅኋት። ያን ክፍል ስካን አድርጌ ስጨርስ የስካነሩ መስተዋት ላይ ጥቁር ብናኝ አግኝቼ በእጅጌዬ ጠርጌዋለሁ። የካፖርቴ ሱፍ ናት። በረኪናም አወቀች። እሷ ጨርቅ አይታ የማታውቀው የለም፣ ያን ካፖርት ደግሞ ከኔ የበለጠ ታውቀዋለች። መጀመሪያ ካፖርቴን፣ ቀጥሎ እኔን አየችኝ።

«ይቺስ?» አሉ ሴትዮዋ። ድምፃቸው ተለወጠ። «እኔ አልሣልኳትም። እሱ ደግሞ በዚያን ጊዜ…» የእርሳሱን ጫፍ ወደ ነጥቧ አስጠጉ። «ግድግዳውን ግን ሆስፒታል ሳይገባ ቀብቶልኝ ነበር። አስቀድሞ። ወይኔ ወንድሜ! አየሽው ይሄን ተንኮለኛ? ለኋላ ትሆናታለች ብሎ ደብቆልኝ ኖሯል!»

«አትንቀሳቀስም ግን» አለ መጋዘን፣ ማን እንደጠየቀው እንጃ።

«ምን ቆርጧት ትንቀሳቀሳለች? ደብዳቤ ሲነበብ እየሰማች ነዋ!»

በረኪና አፏን ከፈተች። መንገድ ላይ የማታውቀውን ሙሽራ ይዛ የምትጠርግ ሴት ናት። እድፍ አይታ ያለፈችበት ቀን የለም። ከዚያ አፏን ዘጋች። እኔም ዘጋሁ። በዝግ አፍ ዝንብ አይገባም ይባላል፤ ያን ቀን ግን ዝንቧ የገባችው ሁለታችንም አፋችንን ስለዘጋን ነው።

«አዎ እማማ» አለች። «እሷው ናት።»

በገዛ እጇ ወደ ግድግዳው መለሰቻት፣ ከመቃኑ በላይ፣ እንደነበረችው። እኔ ወደ ፎቶ ቤቴ ሄጄ አለቀስኩ። ለካፖርት ብናኝ ያለቀሰ ሰው ከኔ በፊት ያለ አይመስለኝም።

አሁን የሴትዮዋ ዐይን ጨርሶ ደክሟል። አንዳንድ እሑድ ግን መጥተው ፊልሙን ይሰማሉ። ቀንድ አውጣው ፖስታውን ሲቀድ «መጣች?» ይላሉ። በረኪና ጎንበስ ብላ በጆሯቸው «ቁጭ ብላለች እማማ» ትላቸዋለች። ካፖርቴን መሳደብ ደግሞ ትታለች፤ ባየችው ቁጥር ጉሮሮዋን ትጠርጋለች እንጂ ምንም አትልም።

ፊልሙን መጋዘን ኢንተርኔት ላይ አውጥቶታል፣ ከነዝንቧ። ያለው ምርጡ ቅጂ ይሄ ነው ይላሉ የሚያውቁ ሁሉ። በቅርቡ አንድ ሰው ከሩቅ ጻፈልን። ብዙ አመስግኖ ሲያበቃ፣ በመጨረሻው ክፍል ከበሩ በላይ አንዲት እድፍ ረስታችኋል፣ ግድግዳው ላይ የማትንቀሳቀስ፣ እኔ በነጻ አነሣላችኋለሁ አለ። መጋዘን ትህትና የተሞላ መልስ ሊጽፍ ሲያስብ በረኪና ኪቦርዱን ቀማችው።

«ንካትና እንተያያለን» ብላ ጻፈች።